በውሃ ውስጥ «ለምን» አይባልም

ታሪኩን ከመነሻው ለተከታተለም፣ ዛሬ ገና መጽሔቱን ለገለጠም ይህን ማወቅ ይበቃዋል፦ ኤዲተሯና ጠላቂው ይዋደዱ ነበር፤ ተለያይተው አራት ወር ሆናቸው፤ ዛሬም ይዋደዳሉ። የሚያናድደውም ይኸው ነው።

ከዚህ የባሰው ደግሞ ሥራቸው አንድ መሆኑ ነው። እሱ በውሃ የተሞሉ ዋሻዎች ውስጥ እየጠለቀ ፊልም ይቀርጻል፤ እሷ ያንን ፊልም ትቆርጣለች፣ ትቀጥላለች። ከጎማ ጥገናው በላይ ባለችው ጠባብ ክፍል፣ አንድ እግሩ በተወላገደ ወንበር ላይ ሚዛኗን ጠብቃ ተቀምጣ፣ እሱ ያየውን ሁሉ ስታይ ትውላለች። ከታች የጎማ መንፊያው ይጮኻል፤ እሷ ግን ጆሮዋ ላይ ማዳመጫ ስላለ የምትሰማው ሌላ ነው። የምትሰማው የእሱን ትንፋሽ ነው። ካሜራው ከምስሉ ጋር ትንፋሹንም ይቀዳል፤ ሲስብ ፉጨት ይመስላል፣ ሲያወጣ አረፋው ኩልል ይላል። የተለየችውን ሰው ትንፋሽ ከጠዋት እስከ ማታ በጆሮዋ ይዛ እንድትውል የተፈረደባት ሴት ከእሷ ሌላ መኖሯን እንጃ።

«ድምፁን አጥፊውና ሥሪ፤ በኋላ ሙዚቃ እናስገባበታለን» ብሏት ነበር ፕሮዲዩሰሩ።

«ለቆረጣው ይረዳኛል» አለችው። ውሸቷን ነው። ምንም አይረዳትም። ትንፋሹ ሲፈጥን አብራ ትፈራለች፣ ሲረጋጋ አብራ ትረጋጋለች፤ ከዚያ ራሷን ትታዘብና እርር ድብን ትላለች።

በየሳምንቱ ከዋሻው ሃርድ ዲስክ ይላካል። በፎጣ ተጠቅልሎ፣ በፕላስቲክ ምሳ ዕቃ ታሽጎ ይመጣል፤ ክዳኑ ላይ በእሱ እጅ የተጻፈ ቁራጭ ወረቀት አይጠፋም። ኤዲተሯ ሁልጊዜም ልቧ ድንግጥ ይልና ዲስኩን ትታ ወረቀቱን ታነባለች። «የዋሻው ትልቁ አዳራሽ። መጨረሻው ላይ ደለል ተነሥቷል፤ ይቅርታ።» ይኸው ነው። ከፊትም ከኋላም ሌላ ነገር የለውም።

«ለደለል ይቅርታ!» አለች አንድ ቀን ለብቻዋ፣ ድምፅዋን ከፍ አድርጋ። «ለጭቃ ይቅርታ የሚጠይቅ ሰው! ለጭቃ!»

መልስ ልትጽፍ ተቀመጠች። ሙሉ ገጽ ጻፈች፤ ቀደደችው። ግማሽ ገጽ ጻፈች፤ እሱንም ቀደደችው። በመጨረሻ «ደርሷል» ብላ ላከች። እሱ ይህን ሲያነብ ምን እንደተሰማው አታውቅም፤ እሷ ግን ያን ቀን ምሳ አልበላላት አለ።

የተለያዩበት ቀን ከሐሳቧ ወጥቶ አያውቅም። እሑድ ነበር፤ ምሳ ላይ፤ በወላጆቿ ቤት። እናቷ የፋርማሲ ባለቤት ናት። ሰፈሩ በሙሉ «ዶክተር» እያለ ያከብራታል፤ ለአንድ ልጇም ደረቅ ቢሮ ውስጥ የሚውል፣ ደረቅ ጫማ የሚያደርግ ባል ነበር የተመኘችላት። የመጣው ግን የጉድጓድ ቆፋሪ ልጅ ሆነ፤ ያውም ፀጉሩ ደርቆ የማያውቅ። በሌለበት ስሙን ጠርታው አታውቅም፤ «እርጥቡ» ነው የምትለው። በዚያ እሑድ ሳህኑ ሳይነሣ ፊቷን ወደ እሱ መለሰች።

«ልጄ፣ መቼም ዕድሜ ልክህን ከጉድጓድ ጉድጓድ ስትገባ አትኖርም። ይህን ነገር መቼ ነው የምትተወው?»

ጠላቂው ማንኪያውን አስቀመጠ። «እሷ ተው ብላኝ አታውቅም» አለ።

«ብትልህስ?»

«ያኔ ከእሷ ጋር እንነጋገራለን።»

ሁሉም ወደ ኤዲተሯ ዞሩ። የእናቷ ዓይን «በይው እንጂ» ይላል። አባቷ ግን ምንም ሳይል ከወንበሩ ተነሣና እንደ ልማዱ መስኮቱ ጋ ሄዶ መንገዱን ማየት ጀመረ። እሷም የአባቷን ጀርባ ስታይ ቆየች። ከምሳ በኋላ ጠላቂውን እስከ ግቢው በር ሸኘችው፤ የበሩን እጀታ ይዛ «በቃኝ። እዚህ ላይ እንተወው» አለችው።

አያት። ረጅም ጊዜ አያት። ከዚያ «እሺ» አለና ሄደ።

እሺ! ሰው እሺ ይላል? እጀታውን እንደያዘች ቀረች። መታጠፊያው ጋ ሲደርስ ይዞራል ብላ ነበር፤ አልዞረም። ምክንያት ነበራት፤ ለእናቷም ለጓደኛዋም ያልነገረችው፣ በራሷ ጊዜ ከሆዷ ልታወጣው ያልቻለችው ምክንያት። ሰው ቢጎትትላት ይወጣ ነበር። አንድ «ለምን» ብቻ ይበቃት ነበር። ሰው ሱሪ ሲገዛ እንኳ «ለምን ተወደደ» ይላል! እጮኛው በር ላይ ቆማ በቃኝ ስትለው ሦስት ፊደል ከአፉ ማውጣት የሚከብደው ምን ዓይነት ፍጡር ነው? ያልጠየቀው ስለማይገደው ነው፤ ሌላ ምን ሊሆን ይችላል። ይህን በየቀኑ ለልቧ ትነግረዋለች፤ ልቧ ግን አምኗት አያውቅም።

አንድ ጠዋት ፕሮዲዩሰሩ ሳያንኳኳ ክፍሏ ገባ። ይህ ሰው ሲቀመጥ እንኳ የሚቸኩል ነው።

«ነገ ዋሻው ጋ ትሄጃለሽ» አላት።

«እኔ? ምን ልሠራ?»

«የመጨረሻው ምስል ይጎድለናል ብለሽ የጮኽሽው አንቺ ነሽ። ምን እንደምትፈልጊ ራስሽ አሳዪያቸው። የዚያችን ማንም ያላያትን የዋሻውን የውስጠኛ አዳራሽ ነገር ካሁን ወዲያ አናገኘውም፤ ለመጨረሻ ጊዜ ነው የሚገቡት።»

«ለምን ለመጨረሻ ጊዜ?»

«አልሰማሽም እንዴ? ካሜራማናችን ባሕር ማዶ መርከብ ላይ ሥራ አግኝቷል። ሁለት ዓመት። ይህን እንደጨረሰ ውሉን ይፈርማል፣ ይሄዳል።» ሰዓቱን አየና «መኪናው በጠዋት ይመጣልሻል» ብሎ ወጣ።

ኤዲተሯ ማዳመጫዋን መልሳ አጠለቀች። ያቆመችውን ምስል ለቀቀችው፤ ትንፋሹ መጣ። ሁለት ዓመት ይህን አትሰማም ማለት ነው። እፎይ ልትል ይገባት ነበር። በምትኩ ጎማ ጥገናው እስኪዘጋ ድረስ አንዲቷን ምስል እየመለሰች ስትሰማ ዋለች፤ አንድም ቦታ አልቆረጠችም።

በማግሥቱ መንገድ ላይ ሳለች እናቷ ደወለች።

«እርጥቡ እዚያ አለ?»

«እማዬ፣ ሥራ ላይ ነኝ።»

«እኔ ምን አልኩ? አለ ወይ ነው ያልኩት።»

«አለ።»

«ፀጉርሽን አበጥረሻል?»

ኤዲተሯ ስልኩን ዘጋች። እናቷ የምትፈልገውን ማወቅ ከተወች ቆይታለች። ከዚያ ግን በመስታወቱ ፀጉሯን አየች፤ በዚህም በራሷ ተናደደች።

ዋሻው ከነጭ ገደል ሥር ነው። ለማያውቀው ሰው አፉ ጸጥ ያለች ኩሬ ይመስላል፤ ልብስ የሚታጠብባት፣ ልጅ የሚንቦጫረቅባት ዓይነት። ዳሯ ላይ ሁለት ድንኳን ተተክሏል፤ ሲሊንደር የሚሞላው ሞተር ይንደቀደቃል፤ ጥቁር የጎማ ልብሶች ገመድ ላይ ተሰጥተዋል። በታጣፊ ወንበር ላይ አንድ ሽበታም ሰው የተቀቀለ ድንች ይልጣል። ይህ ሰው ለጠላቂው አስተማሪውም የመጥለቅ ጓደኛውም ነው። እንቁላል ቀስ በቀስ በእግሩ ይሄዳል ከማለት ሌላ ምክር ስለማያውቅ ሁሉም «ጋሼ ቀስ በቀስ» ይሉታል።

«መጣሽ?» አላት ዓይኑን ከድንቹ ሳያነሣ። «በጣም ዘገየሽ።»

«መኪናው ነው፣ ጋሼ።»

«መኪናውን አላልኩም» አለና መላጡን ቀጠለ።

ይሄኔ ጠላቂው ከድንኳኑ ወጣ። ከስቷል። ፀጉሩ እንደተለመደው ረጥቧል። እሷን ሲያይ የያዘው መብራት ከእጁ ሊወድቅ ነበር፤ ያዘው። ኤዲተሯ መንገዱን ሁሉ ያጠናቻቸው ዓረፍተ ነገሮች ነበሯት፤ ሁሉም ባንድ ጊዜ ጠፉባት።

«ደህና ነሽ?»

«ደህና ነኝ። አንተስ?»

«ደህና።»

«ጥሩ።»

«አዎ።»

የገደሉ ድንጋይ እንኳ ከዚህ የተሻለ ይጫወታል ብላ አሰበች። ላፕቶፑን ጠረጴዛ ላይ ከፈተችና የሚጎድለውን ምስል ታሳየው ጀመር። ሁለቱ ጎንበስ አሉ፤ የጎማና የውሃ ሽታው መጣባት፤ ክንዱ ክንዷን ሳይነካ አጠገቡ ሆነ። ዓይኖቻቸው ስክሪኑ መስታወት ላይ ተገናኙና ሁለቱም ባንድ ላይ ሸሹ።

«በጠባቧ ማለፊያ ትሄዳለህ» አለች፣ በሥራ ድምፅ። «ስትወጣ አዳራሹን ወዲያው እንዳታሳየኝ። መብራቱን ዝቅ አድርገህ ግድግዳውን ይዘህ ከግራ ና።»

«ለምን ከግራ?»

ኤዲተሯ ቀና ብላ አየችው። «ምን አልክ?»

«ለምን ከግራ እንዲሆን ፈለግሽ? ከቀኝ ቢሆን ምን ልዩነት አለው? ማወቅ እፈልጋለሁ።»

ማወቅ ይፈልጋል! አፉ አለ፣ ቃሉ አለ፣ ለካ መጠየቅም ያውቃል! ለካሜራው ግራና ቀኝ ሲሆን ለምን ብሎ ይከራከራል፤ ለእሷ ሲሆን እሺ ብሎ መንገድ ይገባል። ደሟ እስከ ጆሮዋ ፈላ።

«ስላልኩህ!» አለችና ላፕቶፑን ጥርቅም አድርጋ ዘጋችው። ሌላ ልትለው የፈለገችው ሁሉ እዚያው ላፕቶፑ ውስጥ የቀረ መሰላት።

ከቀትር በፊት ሁለቱ ወንዶች ገቡ። ሲሊንደር ተሸክመው፣ መብራት ራሳቸው ላይ አስረው፣ ከኩሬው ዳር ጀምሮ የሚዘረጋውን መሪ ገመድ በእጃቸው ይዘው ሰመጡ። ዋሻ ውስጥ ደለል ከተነሣ ዓይን ዋጋ የለውም፤ ሰውን ወደ ውጭ የሚመራው ያ ገመድ ብቻ ነው። አረፋቸው ጥቂት ጊዜ ታየ፤ ከዚያ ገደሉ ሥር ሲገቡ ጠፋ።

ኤዲተሯ ዳር ላይ ተቀመጠች። ስቱዲዮ ሆና ስትፈራ ቢያንስ ትንፋሹን ትሰማለች። እዚህ ግን ሞተሩም ጠፍቷል፣ የሚሰማ ነገር የለም፤ ውሃው ዝም፣ ገደሉ ዝም። ከእሷ በኋላ የደረሰው ፕሮዲዩሰር በኩሬው ዙሪያ እየተመላለሰ ስለ ውስጠኛዋ አዳራሽ ያወራል፦ ማንም ሰው አይቷት እንደማያውቅ፣ ጠላቂው ለዓመታት ሲያልማት እንደኖረ፣ ፊልሙ ያለእሷ ራስ የሌለው አካል እንደሚሆን። እሷ አንዱንም አልሰማችም። ይህችን አዳራሽ አይቶ ዘግይቶ ከሚመጣ፣ ሳያያት አሁን በዚህ ደቂቃ ቢመጣ እንደምትመርጥ ገባት፤ ገብቷትም አፈረች።

አረፋው ከሚጠበቀው በጣም ቀድሞ ተመለሰ።

ፕሮዲዩሰሩ ሰዓቱን አይቶ ፊቱ ጠቆረ። ሁለት ራሶች ብቅ አሉ፤ መጀመሪያ ጋሼ፣ ቀጥሎ ጠላቂው። ኤዲተሯ ሁለት መሆናቸውን ካየች በኋላ ሌላ የሚቆጠር ነገር አልነበራትም።

«አገኛችኋት?» አለ ፕሮዲዩሰሩ።

«ማለፊያዋ አፍ ጋ ደርሰን ነበር» አለ ጠላቂው፣ መነጽሩን እያወለቀ። «አዳራሿ ከፊታችን ነበረች።»

«ነበረች? ታዲያ?»

«ጋሼ አውራ ጣቱን አሳየኝ። ተመለስን።» አውራ ጣት ወደ ላይ ማለት በእነሱ ሥራ በቃ፣ እንውጣ ማለት ነው።

«ለምን?»

«አላውቅም።»

«እንዴት አታውቅም? አልጠየቅከውም?»

«አይጠየቅም።»

ፕሮዲዩሰሩ ሁለት እጁን አናቱ ላይ ጫነ። «እሺ፣ ውሃ ውስጥ አፍ የለም፣ አይጠየቅም። አሁን ግን ወጥታችኋል እኮ! ያውና፣ አጠገብህ ቆሟል! ጠይቀው!»

«አሁንም አይጠየቅም።» ጠላቂው ሲሊንደሩን ከጀርባው አወረደና በእርጋታ ያስረዳው ጀመር። «በቃኝ ያለ ሰው በቃው ነው። ምክንያት ካስቆጠርከው፣ በሚቀጥለው ጊዜ ምክንያቱ ትንሽ መስሎ ይታየውና አፍሮ ዝም ይላል። አፍሮ ዝም ያለ ሰው ነው ዋሻ ውስጥ የሚቀረው። ስለዚህ ማንም፣ በማንኛውም ሰዓት፣ በቃኝ ማለት ይችላል። ሌላው እሺ ብሎ ይዞራል። ከወጡ በኋላ ራሱ መናገር ከፈለገ ይናገራል፤ እስኪናገር ትጠብቃለህ እንጂ አታስጨንቀውም። እኔና ጋሼ እስከ ዛሬ በሕይወት ያለነው በዚህ ነው።»

የኤዲተሯ ጆሮ ጭው አለ። እሺ ብሎ ይዞራል። እስኪናገር ትጠብቃለህ። ከተቀመጠችበት ተነሣች።

«ምን አልክ?»

ጠላቂው ዞረ።

«እስኪናገር ትጠብቃለህ ነው ያልከው?»

ፊቷን ሲያይ ምን እየጠየቀችው እንደሆነ ገባው። ዓይኑን መሬት ላይ ጣለ። «አዎ።»

«እኔንም?»

«አዎ።»

«አራት ወር ሙሉ… ስትጠብቀኝ ነበር?»

«አልተናገርሽም እኮ» አለ፣ ጥፋቱ የማን እንደሆነ በእውነት በማያውቅ ሰው ድምፅ።

አሁን የጮኸችው ጩኸት ገደሉን ዞሮ ተመለሰ። «እኔ ዋሻ ነኝ? ደለል ተነሥቶብህ ነበር? አየር አልቆብህ ነበር? በእናቴ በር ላይ ቆሜ እኮ ነው የነገርኩህ! በጠራራ ፀሐይ! ደረቅ መሬት ላይ! አጠገባችን ጎረቤት ምንጣፍ እያራገፈች! እሺ አልከኝ! መንገዱ እስኪታጠፍ በሩን ይዤ ቆሜ ነበር፤ አንድ ጊዜ እንኳ ዞር አላልክም!»

«ብዞር አልሄድም ነበር» አለ።

«እኮ! አትሂዳ!»

«በቃኝ አልሽኝ። እኔ በቃኝ ያለ ሰው አክብሬ ነው…»

«ማን አክብረኝ አለህ? ጠይቀኝ ነው እንጂ! እኔ የማይገድህ መስሎኝ… በየቀኑ የማይገድህ መስሎኝ…» ድምፅዋ ተሰበረና ዓረፍተ ነገሩን አልጨረሰችውም።

እስካሁን ዝም ብሎ የነበረው ጋሼ ቀስ በቀስ ጭራሽ ቀስ የማይል ሰው ሆኖ ብድግ አለ።

«ቆይ ቆይ። አንተ ልጅ፣ እኔ ይህን ሕግ ለዋሻ ነው ያስተማርኩህ። ቤትህ ይዘኸው ግባ ብዬሃለሁ? እኔ ይህን ሁሉ ዓመት በትዳር የኖርኩት በዚህ ይመስልሃል? ሚስቴ በቃኝ ስትለኝ ለምን፣ ምን አደረግኩ፣ ማን ምን አለሽ እያልኩ ከሳሎን እስከ ጓዳ ነው የምከተላት። በመጥረጊያ ካላባረረችኝ አልላቀቃትም!» ከዚያ ወደ ፕሮዲዩሰሩ ዞረ። «አንተም ና፣ ድንች ብላ።»

«ምስሉስ?»

«ዋሻው የትም አይሄድም።»

«ለምን እንደተመለሱ እንኳ ቢነግሩኝ!»

«ልቤ ደንገጥ አለብኝ። ሌላ ምክንያት የለውም። ረካህ?»

ፕሮዲዩሰሩ አልረካም፤ ግን ክንዱን ተይዞ ሄደ።

ሁለቱ ብቻቸውን ቀሩ። ከጠላቂው ልብስ የሚንጠባጠበው ውሃ እግሩ ሥር ትንሽ ጭቃ ሠርቷል። እሷ ፊቷን በእጅጌዋ ጠረገች፤ ተናዳ ያለቀሰችው ሳያንስ አፍንጫዋም ከድቷታል።

«ልጠይቅሽ?» አላት።

«አሁንም ፈቃድ ትጠይቃለህ! አንተን የፈጠረ…»

«እሺ፣ እሺ። ለምን?»

«ለምን ምን? ሙሉውን ጠይቀኝ።»

አንድ እርምጃ ቀረባት። «ለምን በቃኝ አልሽኝ?»

አራት ወር የጠበቀችው ጥያቄ ይኸው መጣ። ወደ ኩሬው ዞር ብላ እሱን ሳታይ ጀመረች።

«አባቴ የረጅም መንገድ ሹፌር እንደነበረ ታውቃለህ?»

«ነግሮኝ አያውቅም።»

«ለማንም አይናገርም። እናቴን ሊያገባ ሲል መኪናውን ተው አለችው። እሺ አለ፤ ተወ። ከዚያ ወዲህ አንድም ቀን አላማረረም፣ አንድም ቀን አልወቀሳትም፤ ፋርማሲው ውስጥ ካርቶን ሲያነሣ ሲያስቀምጥ ይውላል። ግን ምሳ ሲበላም፣ እንግዳ ሲመጣም፣ ተነሥቶ መስኮቱ ጋ ይሄድና የጭነት መኪና ሲያልፍ ያያል። እናቴም እሱን ታየዋለች። ይዋደዳሉ እኮ፤ ችግሩ መዋደዳቸው ነው። እሱ ጸጸቱን ይደብቃታል፣ እሷ ማወቋን ትደብቀዋለች፤ እኔ በሁለቱ መሃል ነው ያደግኩት።» ትንፋሽ ወሰደች። «ያን ቀን እናቴ ‹ብትልህስ› ስትልህ አባቴ ሲነሣ አየሁት። አንተን በሱ ቦታ መስኮቱ ጋ ቆመህ አየሁህ። እኔ ፈሪ ነኝ። አንተ እዚያ ውስጥ በገባህ ቁጥር ነፍሴ ናት የምትገባው። አንድ ቀን ፍርሃቴ ያሸንፈኝና ተው እልሃለሁ። አንተ ደግሞ እሺ ትላለህ። አንተ እሺ ማለት ታበዛለህ!»

ጠላቂው አሰበ። የሚያስብበት ጊዜ ረዘመ፤ ሌላ ጊዜ ቢሆን ትከሻውን ይዛ ትወዘውዘው ነበር።

«እምቢ እልሽ ነበር» አለ በመጨረሻ።

ዞረች። «ምን?»

«ተው ብትይኝ እምቢ እልሽ ነበር። ትጮሂብኝ ነበር፣ እንጣላ ነበር፣ እናትሽም ያግዙሽ ነበር። በጨነቀሽ ቀን ቶሎ እወጣ ነበር፤ አንዳንዱ አደገኛ ቦታም ይቅርብኝ እል ነበር። ግን አልተውም። ዋሻውን ትቼ አንቺን ብይዝ፣ አንቺ የምትይዢው ሰው እኔ አልሆንም።»

ሌላ ሴት ብትሆን ይህን ሰምታ ታኮርፍ ነበር። ኤዲተሯን ግን ከዚያ እሑድ ጀምሮ ደረቷ ላይ የተጫነው ሸክም ባንድ ጊዜ ለቀቃት። እምቢ! እንዲህ ያለ ደግ እምቢ ሰምታ አታውቅም። ልትስቅ ስትል ለቅሶ ቀደማት፣ ልታለቅስ ስትል ሳቅ መጣ።

«ለእናቴ ለምን እንዲህ ብለህ አትመልስላትም ነበር?»

«የጠየቁኝ እሳቸው ናቸዋ። አንቺ አልጠየቅሽኝም።»

«አቤት አምላኬ!»

«አሁንም አልጠየቅሽኝም» አለ። ድምፁ ዝግ ብሎ ነበር፤ ግን ውስጡ ያለው ነገር ቁጣ መሆኑን ለየችው። እሱ ሲቆጣ ሰምታ አታውቅም። «ሁለት ዓመት ሊሄድ ነው ብለው ነግረውሻል። መጣሽ። ደህና ነህ አልሽኝ፣ ስለ ግራና ቀኝ አወራሽኝ። አንቺም ለምን አላልሽኝም።»

አራት ወር እሱን ስትከስበት የኖረችው ጥፋት ዞሮ እሷ ላይ ተቀመጠ፤ የምትከራከርበት ቀዳዳ እንኳ አልተወላትም።

«ለምን ትሄዳለህ?» አለች፣ በትንሽ ድምፅ።

«እኔ አንድ ነገር ስቀርጽ አንቺ ታይዋለሽ ብዬ ነው። ግድግዳውን ሳበራ እዚህ ጋ ቆም ትላለች፣ እዚህ ጋ ትቆርጣለች እያልኩ ነው የምሄደው። ከተለያየን በኋላም አልተወኝም። እያንዳንዱን ምስል ለአንቺ እየላክሁ፣ አንቺ ‹ደርሷል› እያልሽኝ መኖር አቃተኝ። አንቺ የማታይውን ነገር መቅረጽ ልልመድ ብዬ ነው።»

ኤዲተሯ እጁን ያዘች። በውሃ ብዛት ጣቶቹ ተጨማደው፣ ቀዝቅዘው ነበር።

«አትሂድ» አለችው።

«ለምን?» አለ። ወዲያው። አንዲት ቅጽበት እንኳ ሳያስብ።

ያቺ ቃል ስትመጣ ልቧ ከቦታው ተነሣ። «ስለምወድህ ነዋ፣ አንተ ልብ አውልቅ!» ብላ ጮኸችበት፤ ከድንኳኑ ሥር ድንች የያዙት ሁለቱ ሰዎች ዞር ብለው እስኪያዩ ድረስ። «ስለምወድህ፣ ትንፋሽህን ሳልሰማ መዋል ስለማልችል፣ አንተ የሌለህበት ፊልም ቆርጬ እንጀራ መብላት ስለማልፈልግ!»

«እንግዲያው ውሉን አልፈርምም» አለና እርጥብ እንደሆነ አቀፋት፤ ቀሚሷ እስከ ጉልበቷ በሰበሰ።

ከዚያ በኋላ እሱ ሌላ የሚጠይቀው አልነበረውም። እሷ ግን ራሷን ትከሻው ላይ እንዳሳረፈች ስለዚያ እሑድ፣ ስለ ደለሉ ይቅርታ፣ ስለ ግራና ቀኙ እየነገረችው ነበር፤ አራት ወር ያጠራቀመችውን መልስ ገና መጀመሯ ነበር።